የአባባ አምስተኛው ደብተር

ለእህቴ ለሜቲ፣

ከሁሉ አስቀድሞ ናፍቆቴ ሐዋሳ ድረስ ይድረስሽ። እንደምን ከርማችኋል? እኛ ከአየር ጤናው የመንገድ ሥራ አቧራ በቀር ደህና ነን፤ ተመስገን። የአባባ ዓይን ግን ደክሟል። አሁን የጻፉትን የማነብላቸው እኔ ነኝ።

ባለፈው ሳምንት ባለቤትሽ እዮኤል መጥቶ ሁለት ቀን አድሮ ሄደ። አባባ ደስ ብሏቸው ሃያ ዓመት የለፉበትን፣ የሚወዱትን ባለቅኔ የሕይወት ታሪክ ደብተር በደብተር አሳዩት። እሱም ከሰዓቱን ብቻውን ክፍላቸው ገብቶ ሲያነብ ዋለ። ሻይ ሳስገባለት ቦርሳውን ዘጋ።

በሄደ ማግስት አምስተኛው ደብተር ታጣ። የባለቅኔው የእስር ዘመን ያለበት ነው፤ ግልባጭ የለውም። አልጋ ሥር ሳይቀር ፈለግሁ። ከእዮኤል በኋላ ቤታችን የመጣ እንግዳ የለም።

እዮኤል መጽሐፍ ሊያሳትም እንደሆነ ከሰው ሰማሁ፤ እንኳን ደስ ያላችሁ። ስለ ማን ነው የጻፈው? አልነገርሽኝም እኮ።

ይህን ስጽፍ አባባ አጠገቤ ተቀምጠዋል። «ስለ ደብተሩ ጻፍሽላት?» አሉኝ።

«አዎ» አልኳቸው።

ብዕር የያዘውን እጄን ያዝ አድርገው፣ «ተገኝቷል በያት። የልጆች እናት ናት» አሉ።

እንግዲህ ተገኝቷል።

ልጆቹን ሳሚልኝ፤ እናንተንም ጤና ያሰንብትልን።

እህትሽ ሌሊሴ
ከኮልፌ