የላቲፋ እርሻ የጠፋበት ሳምንት

ሰኞ፣ ጥቅምት 17

አጠፋሁት። አጥፊው አለኝ፣ አጠፋሁት።

ጠዋት ልጆቹ ትምህርት ቤት ሳሉ ታብሌቱን ላስተካክል ብዬ ተቀመጥኩ። በዚህ ቤት የጨዋታ ሚኒስትር እኔ ነኝ። ማዳም የይለፍ ቃሉን ሰጥታኝ ተገላግላለች፤ የምጭነውም፣ የማነሳውም፣ “በቃ፣ ሰዓት አለቀ” ብዬ ከእጃቸው የምነጥቀውም እኔ። (ጨዋታ “ይጫናል” ሲሉ መጀመሪያ ሳቄ መጥቶ ነበር። እኛ ሰፈር የሚጫነው አህያ ነው።)

የላቲፋ የእርሻ ጨዋታ ስታክ እያደረገ፣ መሃል ላይ ቀጥ እያለ አስቸገረ። ሻርጃ፣ አል ተዓውን የሚባል ሰፈር ሞባይል ለሚጠግነው ለሰይድ ደወልኩ። የወሎ ልጅ ነው። አጅማን ቢድ ስፔስ፣ አልጋ ብቻ ተከራይቼ ስኖር ከእህቱ ጋር አንድ ክፍል ነበርን፤ እንደ ወንድሜ ነው። “አጥፊና እንደገና ክፈቺው” አለኝ፣ ደንበኛ ቆሞበት እየተቻኮለ።

እኔ ጨዋታ ማጥፋት የማውቀው አንድ ዓይነት ብቻ ነው። ታብሌቱ ሞላሁ ሲል፣ ልጆቹ የሰለቻቸውን ጨዋታ ሥዕሉን ጫን አድርጌ እይዝና ወደ ቆሻሻ ቅርጫቱ። ያንኑ አደረግኩ። እንደገና ጫንኩት። ከፈትኩት። ባዶ መሬት፣ አንዲት ዶሮ።

ላቲፋ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። እርሻውን የሠራችው ከአባቷ ጋር ነው። ባባ ሥራው ባሕር ላይ፣ ነዳጅ የሚወጣበት ነው፤ ብዙ ቆይቶ ይመጣል፣ ትንሽ ሰንብቶ ይሄዳል። በመጣ ቁጥር አብረው አንድ ዛፍ ይተክላሉ። ሲሄድ ደግሞ የዛፎቹን ፎቶ ትልክለታለች።

ማታ ከፈተችው። ጩኸቷ ኩሽና ድረስ ተሰማ። ማዳም “ቀን ማን ነው የያዘው?” አለች። ቀን የያዘችው ታናሽየዋ ሂንድ ናት፣ ገና አራት ዓመቷ። ሁሉም ወደ እሷ ዞሩ። እኔ ሰሐን ይዤ ቆሜያለሁ። አፌን ከፈትኩና “እራት ላቅርብ?” አልኩ።

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 18

ሂንድ ታብሌት ተከልክላለች። ላቲፋ ከክፍሏ አስወጥታታለች። ቁርስ ላይ ጎን ለጎን አልተቀመጡም።

ለሰይድ ድምፅ ላኩለት፣ ይመለስ እንደሆን ብዬ። እሱም በድምፅ መለሰ፦ “የሺዬ፣ እኔ እኮ ዝጊና ክፈቺው ማለቴ ነው! ዋላሂ፣ ከነሥሩ ንቀይው አልኩሽ? ኢሜይል ታስሮበት ነበር?”

ኢሜይል። መጀመሪያ ስጭነው አንድ ገጽ ኢሜይል ጠይቆኝ ነበር። ማዳምን ላለመጥራት “ዝለል” የሚለውን ነካሁ። ዘለልኩ። አልታሰረበትም አልኩት። “እንግዲህ ኸላስ፣ በቃ፣ አይመለስም። አብሽሪ፣ ጨዋታ ነው” አለ።

ተናደድኩበት። “ዝጊ” ማለት ምን ይከብዳል? የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም ይላሉ። ደግሞ ለራሴ እንዲህ እላለሁ፦ ቃሉ የሱ ነው፣ እጁ ግን የኔ። ዝምታውም የኔ። ለሱ ስለ ሂንድ አልነገርኩትም፤ ጨዋታው ጠፋ ብቻ አልኩ። ለራሴ ሰው እንኳ ግማሹን ነው የምናገረው።

ለምን እንደማልናገር ላስብ። ኢቃማዬ፣ የመኖሪያ ፈቃዴ፣ የሚታደስበት ጊዜ ደርሷል። ከኔ በፊት የነበረችው ልጅ ለኤጀንሲ የተመለሰችው በምን እንደሆነ እስካሁን አልነገሩኝም። ማዳም ክፉ አይደለችም፤ ግን ስትቆጣ ዓይኗን አላውቀውም። ሂንድን ደግሞ የትም አይመልሷትም፣ ልጃቸው ናት። ይህን የመጨረሻውን ካሰብኩ በኋላ አፈርኩ።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19

ዛሬ ገብርኤል ነው። “ዝም አይነቅዝም” ትል ነበር እናቴ። በዚህ ተጽናንቼ ዋልኩ።

አንድ ሐሳብ መጣልኝ፦ እርሻውን እኔው መልሼ ልሥራው! ልብስ እየተኮስኩ በአንድ እጄ ቲማቲም ተከልኩ። ደረሰ፣ ለቀምኩ፣ ላም ገዛሁ። ትንሽ ደስ አለኝ፤ የገበሬ ልጅ ነኝ እኮ። የማዳምን የትራስ ልብስ ግን አሳረርኩት። ቢጫ ሆነ። አጥፌ ከሌሎቹ ሥር ደበቅኩት። (ይሄም ማጠፍ ነው፤ የኛ ቋንቋ ዛሬ ሁሉን ነገር ወደ ጥፋት ይወስድብኛል።)

ከዚያ ቤቱ ጋ ደረስኩ። የላቲፋ ቤት የት በኩል ነበር? ከወንዙ ወዲህ ነው ወዲያ? ዛፎቹስ? ስንቴ “ሺሺ ነይ እዪ” ብላ አሳይታኛለች። “ጎበዝ፣ ጎበዝ” እያልኩ ሽንኩርት ስከትፍ ነበር። አላየሁትም። ያላየሁትን እንዴት እመልሳለሁ? ተውኩት።

ሂንድ ከመዋዕለ ሕፃናት ስትመለስ ታብሌቱን እጄ ላይ አየችው። ድሮ ቢሆን ትንጠላጠልብኝ ነበር። ራቅ ብላ አለፈች።

ሐሙስ፣ ጥቅምት 20

ዝም ነቀዘ።

ምሳ እያበላኋት ነበር። እኔ ስላሳደግኳት ከኔ ጋር በአማርኛ ነው የምታወራው፣ ዓረብኛ ጣል እያደረገችበት። ማንኪያውን ገፋ አደረገችና “ሺሺ፣ እኔ አጠፋሁ” አለችኝ።

ይህን ቃል ያስተማርኳት እኔ ነኝ። ወተት ስትደፋ፣ እህቷን ስትመታ፣ “አጠፋሁ፣ ይቅርታ በይ” እያልኩ። ስለዚህ አጠፋሁ ያለችው ጥፋት ሠራሁ ማለቷ ይሁን፣ ጨዋታውን ማለቷ ይሁን መጀመሪያ አልገባኝም። “ምን አጠፋሽ የኔ እናት?” አልኳት።

“የላቲፋን ዛፍ። ባባ ሙሽኪላ ያደርጋል።” ይቆጣል ማለቷ ነው።

አንቺ አይደለሽም አልኳት። “እኔ ነኝ” አለች። አይደለሽም። “እኔ ነኝ! ቅርጫት ውስጥ ከተትኩት!” ቅርጫቱን ማን ነገራት? ማዳም ስታፋጥጣት ሰምታ ይሆናል። አሁን ታስታውሰዋለች። ያልሠራችውን ነገር ስትሠራው ታይቷታል። አራት ዓመት ሙሉ ገላዋን ያጠብኳት ልጅ የኔን ጥፋት ለብሳ ተቀምጣለች፣ እኔ ሩዝ አጎርሳታለሁ።

መታጠቢያ ቤት ገብቼ ውሃውን ከፍቼ አለቀስኩ። ለማልቀስም ተደበቅኩ።

ነገ ባባ ይመጣል።

ዓርብ፣ ጥቅምት 21

ተናገርኩ።

ጠዋት ማርያምን ለመንኳት፤ ድፍረት ስጪኝ አልኩ፣ ሌላ ምንም አልጠየቅኩም። ባባ መጣ። ላቲፋ በሩ ላይ አንገቱ ላይ ተጠመጠመች፣ ወዲያው “ሂንድ እርሻችንን ጣለችው” አለችው። ሂንድ ሶፋው ጀርባ ገባች።

ከጸሎት ሲመለስ፣ ምሳ ሳይቀርብ፣ ሳሎን ገብቼ ቆምኩ። ስንት ዓመት የለመድኩት ዓረብኛ ጠፋብኝ። “ሂንድ ላ። አና” አልኩ፣ ደረቴን እየመታሁ። ሂንድ አይደለችም፣ እኔ ነኝ። ከዚያ ቀስ በቀስ መጣልኝ፤ ስለ ሰይድ፣ ስለ አጥፊው፣ በኛ ቋንቋ መዝጋቱም መደምሰሱም ስሕተቱም አንድ ቃል እንደሆነ። እየተናገርኩ ሳለ ምክንያት የማበዛ መሰለኝና አቆምኩ።

ባባ “ማዓለሽ፣ ግድ የለም” አለ። ጨዋታ ነው አለ፣ እንደ ሰይድ።  ማዳም ግን፣ ሳትጮህ፦ “የጨዋታው ኸላስ። ልጄ ስታለቅስ አንቺ ነሽ ምሳ ያበላሻት። እያየሻት ዝም አልሽ?”

ብትጮህ ይሻለኝ ነበር። “አዎ” አልኩ። 

ላቲፋ ተነስታ ወጣች። አላየችኝም።

ቅዳሜ፣ ጥቅምት 22

የይለፍ ቃሉ ተቀይሯል። ሚኒስትርነቱ ቀረ። ስለ ኢቃማ የተናገረ ሰው የለም፤ ስለ መመለስም የለም። የትራሱን ልብስ ራሴ አውጥቼ ለማዳም አሳየኋት። እንደ ሳቅ ያለ ነገር አፏ ላይ መጥቶ ሄደ፣ ወይም መስሎኛል።

ባባና ላቲፋ እርሻውን እንደገና ጀመሩ፣ አሁን ግን ኢሜይል አስረውበት። ላቲፋ ከክፍሏ የጣለችውን የሂንድን ትራስ መልሳ አስገባች። ሂንድን ይቅርታ ጠይቂ ተብላ ጠየቀች።

ችግሩ ሂንድ ናት። ማዳም “አንቺ አይደለሽም፣ ሺሺ ናት” ብላታለች። ባባም ብሏታል። እሺ ትላለች። ታብሌቱን ሲሰጧት ግን ሁለት እጇን ከኋላዋ ደበቀች። “ላ። ይጠፋል።” ባባ ሳቀ፣ ቀልድ መስሎት። እኔ አልሳቅኩም።

እውነቱን ተናግሬ ነገሩ ያለቀ መስሎኝ ነበር። ከሷ ላይ ግን አልወረደም።

እሑድ፣ ጥቅምት 23

ከቤተ ክርስቲያን ቶሎ ተመለስኩ። ጓደኞቼ ቆዪ አሉኝ፣ ልቤ አልቆመልኝም።

ልጆቹ ምንጣፉ ላይ ናቸው፣ ታብሌቱ መሃላቸው። ላቲፋ “ሂንድ፣ ነይ ካሮቱን ትከይ” ትላለች። ሂንድ ትቀርባለች፣ ታያለች፣ እጇ ከኋላ ነው። እኔ ነጠላዬን እያጣጠፍኩ ኮሪደሩ ላይ ቆምኩ። መግባት ፈራሁ፤ ላቲፋ ከዓርብ ወዲህ አላናገረችኝም።

ሂንድ አየችኝ። ሮጣ መጣችና ሌባ ጣቴን ብቻ ጨብጣ ጎተተችኝ። ተጎትቼ ምንጣፉ ላይ ተንበረከክኩ። ጣቴን እንደ እርሳስ ያዘችው፣ መሬቱ ላይ አስነካችው። አንድ ካሮት በቀለ።

“ቢጠፋ አንቺ ነሽ” አለችኝ።

“አዎ። እኔ ነኝ” አልኳት።

ሌላ ቦታ ልታስነካኝ ሞከረች። ክንዴ አልደረሰም።  ላቲፋ ቀና ሳትል፣ ታብሌቱን ትንሽ ወደ እኔ ገፋ አደረገችልኝ።