ለአባባ የተጻፈው ቲያትር

ለውድ ወንድሜ ለሩፐርት፣

ሰላምታዬ ባሕር ተሻግሮ ሜልቦርን ድረስ ይድረስህ፤ ለሚስትህና ለልጆችህም። እኛ ለንደን ያለነው ደህና ነን።

ያ ፕሌድል የሚባል ጉረኛ ደራሲ «በእርስዎ ልክ የተሰፋ ነው» እያለ ለአባባ የጻፈው የንጉሥ ቲያትር በሳምንቱ ተዘጋ። እሰይ። ንጉሡ ልጁን ሲሰናበት የሚናገረው ንግግር እንደ ጅማት የሚጎተት ነው፤ እንኳን አባባ፣ ደራሲው ራሱ በቃሉ አይወጣውም። በመክፈቻው ዕለት አባባ መሃል ላይ ሲደርሱ ዝም አሉ። ከሰገነቱ አንዱ ባለጌ፣ «ሽማግሌው እንቅልፍ ወስዶታል፣ ቀስቅሱት» ብሎ አዳራሹን አሳቀ። የዚህ አገር ተመልካች ድሮም ከብት ነው።

መጋረጃው እንደወረደ ፕሌድል እየሮጠ መጣና፣ «ጌታዬ፣ ድካሜን ሁሉ ገደል ከተቱት እኮ» አላቸው።

አባባ ትክ ብለው አዩት። «አንተ ደግሞ ማነህ?»

ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ። ሦስት ወር ሙሉ ምሳችንን እየበላ ላነበነበ ሰው የሚገባው መልስ ይኸው ነው።

አሁን አባባ ዕረፍት ላይ ናቸው። ሲወጡ አብሬያቸው እወጣለሁ፤ መንገዱ ሁሉ እየተቆፈረ ማንም ሰው ቤቱ ይጠፋዋል። ትናንት ምሳ ቀርቦ ሳለ የበግ ጥብሱን ገፋ አደረጉና፣ «ሩፐርት ከትምህርት ቤት ሳይመጣ አንበላም» አሉኝ። ቀልዳቸውን ታውቀው የለ። እኔም ሳህንህን አቀረብኩልህና ጥብሱ እስኪቀዘቅዝ አብረን ጠበቅንህ።

ዘንድሮ መርከቦቹ ፈጣን ሆነዋል ይላሉ። የባሕሩ ጌታ ዓይን ለዓይን ያገናኘን።

እህትህ ሄስተር