የአዴ ሎኮ የጣት ቦታ

ኢቢሴ፣

የዶሎ ኦዶው መኪና በር ላይ ቆሞ ጥሩንባ እየነፋ ስለሆነ በጥድፊያ ነው የምጽፍልሽ። ከነገ ጀምሮ እዚያ ሥራ ግቢ ተብያለሁ።

የእናትሽ የአዴ ሎኮ የሴፍቲኔት ስንዴና ገንዘብ እስከ ዓርብ ካልተወሰደ ተመላሽ ይሆናል። ሁለት ዙር አልፏቸዋል፤ ሦስተኛው ካለፈ ስማቸው ከመዝገብ ይሰረዛል። ካርዳቸው ትራስሽ ሥር ነው።

"የተማርሽው አንቺ ነሽ፣ አንቺ ተቀበዪላቸው" ስትዪኝ ውክልናውን በእኔ ስም ጻፍኩት። አዴ ሎኮም ከብቶቹን ተከትለው ወደ ግጦሽ ከመውረዳቸው በፊት ጣታቸውን አተሙበት።

ሁለቴም ሄጃለሁ። ሰው ሁሉ እየቀደመኝ የማደያው መስኮት ሲዘጋ ዝም ብዬ ተመለስኩ። ለአንቺ ግን "ስንዴው ገና አልመጣም" አልኩሽ።

አንቺ ብትሆኚ ጮኸሽ ትቀበዪ ነበር።

ዛሬ ጠዋት ውክልናው በአንቺ ስም እንዲቀየር ለመንኩ። የቀበሌው ጸሐፊ "እሜቴ፣ አዲስ ጻፊና ባለካርዷ ጣታቸውን ያትሙበት" አለኝ።

አዲሱን ጽፌ ጠረጴዛው ላይ ትቼዋለሁ። የጣታቸው ቦታ ብቻ ባዶ ነው። ያሉበት መሄጃው ብቻ የሁለት ቀን መንገድ እንደሆነ፣ ስልክም እንደማይሠራ አውቃለሁ። ዛሬ ደግሞ ረቡዕ ነው።

ለጣት የሚቀባውን ቀለም አጠገቡ አስቀምጫለሁ።

ትርሲት