«ሪዝቄን እጠብቃለሁ» ያለው ወንድማችን

ይድረስ ጅዳ ላለኸው ለወንድም ጋሼ ሱሌማን፤

አሰላሙ ዐለይኩም ወራሕመቱላሂ ወበረካቱህ። ጤናህ እንደምን ነው? ያ ወገብህን የሚይዝህ ነገር ለቀቀህ ወይ? የአገሩ ሙቀትስ በረደላችሁ? ባለቤትህ ሂንድ እንዴት ናት? ትንሿ መርየም በእግሯ መሄድ ጀመረች? ናፍቆታችሁ ከብዶናል። እኔም፣ የልጆቹ አባትም፣ ልጆቹም ለአካላችን ደኅና ነን፣ አልሐምዱሊላህ። «ሁላችንም ደኅና ነን» ብዬ ልጽፍልህ ብል ግን እጄ እምቢ አለኝ። ታናሻችን ዐቂል ታስሯል። የያዙት በሐምሌ ነው፤ ረመዳንን እዚያው ጾመ፣ ዒዱንም እዚያው ዋለ። እስከ ዛሬ ያልነገርኩህ ዛሬ ይፈታል፣ ነገ ይፈታል እያልኩ ነው። ብትቀየመኝ እውነት አለህ፤ ቅያሜው ግን ይቆይና አሁን ስማኝ።

ሰርቆ እንዳይመስልህ፣ ሰው መትቶም አይደለም። ኮምቦልቻ ምን እንደሚሠራ ታውቃለህ። ከጅቡቲ የሚመጣ መኪና እስኪቆም ከጫኝና አውራጅ ጓደኞቹ ጋር ዛፍ ሥር ይቀመጣል፤ መኪናው ሲመጣ ይሸከማል፤ መኪና የሌለ ቀን እንደተቀመጠ ይመሻል። የዚያን ዕለት መንገዱ ዳር ጠብ ተነሣና ፖሊሶች መጡ። የተጣሉት ሮጡ፤ የእኛው ምን አድርጌ ብሎ እንደተቀመጠ ተያዘ። ለአገሩ አዲስ የሆነ አንድ ፖሊስ ሥራው ምን እንደሆነ ጠየቀው። የእኛ ጅል «ጫኝ ነኝ» ማለት ጠፍቶት፣ «ሪዝቄን እጠብቃለሁ» አለ። እኛ ቤት ይህን ያላለ ማን አለ? አባታችን ነፍሱን ይማረውና ሱቁን ከፍቶ በሩ ላይ ሲቀመጥ ይህንኑ አልነበር የሚለው? ፖሊሱ ግን ሪዝቅ ማለት አላህ በሥራችን የሚሰጠን የዕለት እንጀራ መሆኑን አያውቅም። እንጀራውን ከሰማይ የሚጠብቅ ሥራ ፈት ነው ብሎ ተረዳው። በአደገኛ ቦዘኔ አዋጅ ተከሰሰ፤ በዚያ አዋጅ የተከሰሰ ደግሞ በዋስ አይወጣም።

ጠበቃ የቆሙለት አቶ አብርሃም የሚባሉ፣ እዚሁ ደሴ ፒያሳ ቢሮ ያላቸው ደግ ሰው ናቸው። ለፍርድ ቤቱ ያሉት አጭር ነው። ክሱ ላይ ያለው ሁሉ እውነት ነው ቢባል እንኳ፣ ከጫኞች ጋር ተቀምጦ መኪና መጠበቅ ቦዘኔነት አይሆንም፤ ስለዚህ ምስክር ከመሰማቱ በፊት ይህ ሕግ ይህን ልጅ ይመለከተው እንደሆነ ይወሰንልን፣ ካልተመለከተው ዛሬውኑ ቤቱ ይግባ አሉ። ዐቃቤ ሕጉ ተቃወመ። ዳኛዋ ክፉ ሴት አይደሉም፣ ልዋሽባቸው አልፈልግም፤ አዳምጠው አሰቡበት። ከዚያ ግን ሥራ አለው ወይስ የለውም የሚለው በማስረጃ የሚጣራ ስለሆነ የጠበቃው መቃወሚያ ከፍርዱ ጋር አብሮ ይታያል አሉ። እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ከሰው ላይ ልክ የምወስደው ጨርቁን ከመቁረጤ በፊት ነው። እነሱ ቆርጠው፣ ሰፍተው፣ አልብሰውት ሲያበቁ ነው ልኩ ነው ወይ የሚሉት። ይህንን ለአቶ አብርሃም ብነግራቸው ሊስቁ ጀመሩና መልሰው ፊታቸው ጠቆረ።

ከዚያ ወዲህ ቀጠሮ ብቻ ነው። ከምስክሮቹ አንዱ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወረ፣ አንዱ ሥልጠና ሄደ እየተባለ በመጣን ቁጥር እንመለሳለን። ባለፈው ሰሞን እኛም የራሳችንን ምስክር እናዘጋጅ ብዬ ኮምቦልቻ ወረድኩና የጫኞቹን ማኅበር ሰብሳቢ ኑርሁሴንን አገኘሁት። ዐቂል አባላችን ነው ብለህ መስክርልን አልኩት። አንገቱን ደፋ። ሰው ሲጠፋ ሥራው ይበደላልና በዐቂል ቦታ ሌላ ሰው አስገብተዋል። «አባላችን ነበር ብዬ እምላለሁ፤ አባላችን ነው ማለት ግን አልችልም» አለኝ። እዚያው አስፋልቱ ዳር ቁጭ ብዬ አለቀስኩ። ሥራ የለህም ብለው አሰሩት፣ አስረው ሥራውን አሳጡት፤ ጥያቄው ፍርዱ ዕለት ሲነሣ እኛ ምን ብለን ልንመልስ ነው?

አሁን ደግሞ የባሰ መጣ። እስረኞቹ ጥፋተኛ ነኝ ካልክ የታሰርክበት ይታሰብልህና ቶሎ ትወጣለህ ብለው መክረውታል። ማክሰኞ ስንቅ ይዤለት ሄድኩ። ከስቷል፤ የደሴ ብርድ ደረቱ ላይ ገብቶ ያስለዋል። የሚመጣው ሐሙስ ችሎት ቀርቦ ቃሉን ሊለውጥ እንደሆነ ነገረኝ። ተቆጣሁት፤ ያላደረግከውን ለምን ታምናለህ አልኩት። በእርጋታ አየኝና፣ «እትዬ፣ ሲይዙኝ ውሸት ነበር። አሁን እኮ እውነት ሆኗል» አለኝ።

አቶ አብርሃም አደራሽን እንዳያደርገው ይላሉ። ካመነ ሕጉ አይመለከተውም የሚለው ነገር እዚያው ይቀበራል፤ ቦዘኔ የሚለው ስምም ዕድሜ ልኩን ይከተለዋል፤ ማን ዕቃውን ያሸክመዋል? እስከ መቼ ይጠብቅ ብላቸው ግን እሳቸውም አያውቁም። ወንድም ጋሼ፣ ጨንቆኛል። እመን ብለው ስሙን በገዛ እጄ አጠፋሁት፤ አትመን ብለው ሳሉ ያስፈራኛል። ይህን ደብዳቤ የምታደርስልህ ነገ ወደ ጅዳ የምትነሣው የጎረቤታችን ልጅ ኢንቲሳር ናት። እጅህ እንደገባ ፒያሳ ዘይኑልአቢዲን ሱቅ ደውልልኝ፤ ስልኩ አጠገብ እውላለሁ። ከሐሙስ በፊት ይሁን። እንደ አባት የሚሰማው አንተን ብቻ ነው፤ ምን ልበለው?

እናታችን ቢስቲማ ናት፣ ደኅና ናት። አልነገርናትም፤ ዐቂል ጅቡቲ ሥራ አግኝቶ ሄደ ብለናታል። ልጠይቃት ስሄድ ከሰላቷ በኋላ እጇን ዘርግታ ሪዝቁን እንዲያሰፋለት ዱዓ ስታደርግለት አገኛታለሁ፤ እኔም አጠገቧ ተቀምጬ አሚን እላለሁ። ስደውል ምነው ድምፁን አላሰማኝም እያለች ነውና፣ ብትደውልላት አንተም ጅቡቲ ነው በላት፣ አደራ።

ሂንድን ሰላም በልልኝ። መርየምን በሁለቱም ጉንጮቿ ሳምልኝ። የልጆቹ አባት እጅግ አድርጎ ሰላም ብሎሃል፤ ልጆቹም አጎታችን መቼ ነው የሚመጣው ይላሉ። ዐቂልም ሰላም ብሎሃል። ሱሌማን ስለ ሥራዬ ከጠየቀሽ ዛሬም እየጠበቀ ነው በይው ብሎኛል።

እህትህ ከይሪያ
ደሴ፣ ኅዳር 9 ቀን 1999 ዓ.ም.