ሽቶው እስኪረጋ ድረስ

ዛሬ ግንቦት ዐሥራ ስምንት ቀን፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ፣ በገዛ የሽቶ ክፍሌ ውስጥ ትራስ ተደግፌ ተቀምጬ ይህን ኑዛዜ እናገራለሁ። ዓመተ ምሕረቱን ከላይ የጻፉትና ቃሌን የሚጽፉልኝ ጡረታ የወጡት ጎረቤቴ መምህሩ ናቸው። ምስክሮቼ ምድር ቤት ያለው ልብስ ሰፊና ከመንገዱ ማዶ ያለችው ጸጉር ሠሪ ናቸው። ወራሾቼ ሁለት ናቸው፤ ታናሽ እህቴና አንዲት ልጄ። ሁለቱም እዚሁ አሉ፤ አንዷ በመስኮቱ በኩል፣ አንዷ በበሩ በኩል ተቀምጠዋል። መካከላቸው እኔ አለሁ።

አእምሮዬ ሙሉ መሆኑን ለማረጋገጥ መምህሩ ቁጥር ሊያስደምሩኝ አስበው ነበር። እኔን ያኖረኝ አፍንጫዬ ስለሆነ በእሱ ልፈተን ብዬ ዐይኔን ጨፈንሁ። ልብስ ሰፊው የጋለ ካውያና የጠመኔ ሽታ አለው። ጸጉር ሠሪዋ ዛሬ ጠዋት ለአንዲት ሴት ቀለም ቀብታ እጇን በሎሚ ታጥባለች። መምህሩ የሚንት ከረሜላ ይሸታሉ፤ ከከረሜላው በታች ደግሞ ለባለቤታቸው ‹‹ትቼዋለሁ›› ያሉት ሲጋራ አለ።

‹‹ይኼ እንኳ አይጻፍ›› አሉ መምህሩ።

‹‹የተናገርሽው ሁሉ ይጻፋል ያሉኝ እርስዎ ነዎት›› አልኋቸው።

ጻፉት። ስለዚህ አእምሮዬ ሙሉ ነው፤ ያስገደደኝም ሰው የለም።

ከነገ ወዲያ ሆስፒታል እገባለሁ፤ ሆዴ ውስጥ ያለውን እብጠት ያወጡልኛል። ሐኪሟ ‹‹ከዚህ የባሰ ስንት አውጥተናል›› ብላ ስቃ ነው የሸኘችኝ። ኑዛዜውን የማደርገው እንግዲህ ሞት አስፈርቶኝ አይደለም። ካለፈው ዓመት ጀምሮ እህቴና ልጄ የሚነጋገሩት በእኔ በኩል ብቻ ነው። ልጄ ‹‹እማ፣ እህትሽን ቧንቧውን ትዝጋው በያት›› ትለኛለች። እህቴ አጠገቧ ቆማ ትሰማለች። ሰምታም ‹‹ተዘግቷል በያት ለልጅሽ›› ትላለች። እኔ ዝምተኛ ሰው ነኝ፤ በዚህ ዓመት ያወራሁትን ያህል በዕድሜዬ አላወራሁም። ማደንዘዣ ወስጄ ስተኛ ማን ያነጋግራቸዋል? ተኝቼ ብቀርስ? ቤቱ ለሁለት ይሰነጠቅና ሽቶውም አትክልቱም ይቀራል። ያስጨነቀኝ ይኸው ብቻ ነው።

ያለኝን ከማካፈሌ በፊት እንዴት እንዳገኘሁት ይመዝገብልኝ። በወጣትነቴ የአንድ ትልቅ የሽቶ መደብር ወለል እጠርግ ነበር። ሴቶቹ አሽትተው የሚጥሏቸውን ቀጫጭን ወረቀቶች ቆሻሻ ውስጥ አልከታቸውም፤ በመሐረብ ጠቅልዬ ቤት ወስጄ፣ ምሳ ስበላም ልብስ ሳጥብም መልሼ መላልሼ አሸታቸው ነበር። የተማርሁት ከዚያ ነው። ውድ ሽቶ ውድነቱ መጀመሪያ ላይ አይደለም። መጀመሪያ ላይ ርካሹም ውዱም እኩል ይጮኻሉ። ጩኸቱ በርዶ ከሰው ቆዳ ጋር ሲስማማ ነው ማንነቱ የሚታወቀው። የቀረውን ከካርቶን ጀርባና መጠቅለያ ከሆኑ የመጽሔት ገጾች ላይ ለቃቅሜ አነበብሁ። ከዚያ የእነዚያን የሴት ሽቶዎች አምሳያ በገዛ እጄ መቀመም ጀመርሁ።

ስለዚህ በዚህ ቤት አንድ ደንብ አለ። አንዲት ሴት የእጇን አንጓ ሽቶ ካስነካች በኋላ ወዲያው አትገዛም። ሽቶው እስኪረጋ ድረስ ጣራ ላይ ወጥታ በእህቴ አትክልት መካከል ትቀመጣለች። እህቴ አበባውንም ቅጠላ ቅጠሉንም የምታበቅለው በኮኮናት ቃጫ ነው እንጂ በአፈር አይደለም። ይህም የእኔ አመል ያመጣው ነው፤ አፈር ሲርስ ሽታው በደረጃው ወርዶ ሥራዬን ያበላሽብኛል። ቃጫ ግን ይዞት የሚመጣው ጨው በደንብ ከታጠበለት ዝም ያለ ነው፤ ለጣራውም አይከብድም። አፍንጫዬ ሲደክም አንድ እፍኝ እርጥብ ቃጫ አሸትና ይመለስልኛል። ደንበኛዋም እህቴ ስለ ቅጠሉና ስለ ሥሩ ስታጫውታት ቆይታ፣ በአንድ እጇ የረጋ ሽቶ፣ በሌላው እጇ ችግኝ ይዛ ትወርዳለች። ሁለት ሥራ ይምሰል እንጂ አንድ ሥራ ነው።

ጠቡ የመጣው ልጄ ልትረዳ ስትል ነው። ‹‹ሽታ የሌለው ቃጫ ምን ያደርጋል? ሽቶ ቢጠጣ እኮ ችግኙ በእጥፍ ይሸጣል›› ብላ የተረፈ ሽቶ ሁሉ ሰብስባ ቃጫው ላይ ገለበጠችው። ያን ቀን መንገደኛው ሁሉ ወደ ላይ እያየ አለፈ። በማግስቱ የችግኞቹን ሥር አልኮሉ አቃጥሎት ሁሉም ተጋድመው ተገኙ።

‹‹ሰክረው ነው›› አለች ልጄ፤ ልታስቅ ብላ ነበር። እህቴ አልሳቀችም።

እህቴም በበኩሏ ዝናብ ሲመጣባት ያጠበችውን ቃጫ በጆንያ አድርጋ አምጥታ እዚህ ክፍል ውስጥ ሰቀለችው። ከሥሩ ልጄ ለአዲሱ ሽቶዋ የደረደረቻቸው የማሽተቻ ወረቀቶች ነበሩ። ሌሊቱን ሲንጠባጠብ አድሮ የወራት ልፋቷ ቡናማ ውኃ ሆነ። ከዚያ በፊት ልጄ እህቴን ‹‹እትዬ›› ነበር የምትላት፤ እህቴም ልጄን ከሕፃንነቷ ጀምሮ ‹‹ሚጣ››። ከዚያ ወዲህ ግን ‹‹እህትሽ›› እና ‹‹ልጅሽ›› ሆኑ።

አሁን ወደ ማካፈሉ እገባለሁ።

አንደኛ። ለልብስ ሰፊው ያለብኝ ዕዳ የገንዘብ አይደለም። የቃጫው እጣቢ በደጁ ሲወርድ ስንት ጊዜ ጫማውን አርሶበታል፤ አንድ ቀን ክፉ ቃል አልተናገረም። ትልቁ ጃስሚን የእሱ ይሁን።

‹‹ላወርደው ነው ወይስ ወጥቼ ላጠጣው?›› አለ።

‹‹እንደፈለግህ።››

‹‹አንቺ ሴትዮ፣ ጉልበቴን አይተሽዋል?››

‹‹እንግዲያው ባለበት ይቆይ። አንተ ከታች ሆነህ አሽትተው።››

ሁለተኛ። ወንበሯ ላይ የተቀመጠችን ሴት ሁሉ ‹‹ማዶ ሂጂ›› እያለች የላከችልኝ ጸጉር ሠሪዋ ናት። ይህ ትልቁ መስታወት የእሷ ነው። ‹‹የባንክ ሴት›› ብዬ የሰየምሁትን ሽቶ ሌላዋ ላይ ስታሸተው ኖራ ‹‹እኔ ላይ ለምን እንደዚህ አይሆንም?›› ትለኛለች። አንቺ ጸጉር ሠሪ፣ የጸጉር ቀለሙ እየበለጠው ነው። ሥራ በማትገቢበት ቀን ተቀቢው።

ሦስተኛ። ወራሾቼ በጠርሙሳችን ላይ የማንንም ትልቅ የሽቶ ቤት ስም እንዳይጽፉ። አምሳያ ነው የምንሠራው፤ አምሳያ ነው ብለን እንሸጣለን። ከልጄ አባት ጋር የተለያየነው በዚሁ ነው። የእነሱን ካርቶን አስመስለን እናሳትም አለ፤ አይሆንም አልሁ። እሱ ካርቶኑን ይዞ ሄደ፤ እኔ ሽቶውንና ልጄን ይዤ ቀረሁ። ለእሱ ምንም አላወርስም። ቂም ይዤ አይደለም፤ የሚፈልገው ካርቶን ብቻ ነበር፣ እሱንም ወስዶታል።

አራተኛ። ይህ የሽቶ ክፍል ከነሚዛኑ፣ ከነዘይቱና ከነጠርሙሱ ለእህቴ ይሁን። ጣራው ከነአትክልቱ፣ ከነቃጫውና ከነውኃ በርሜሉ ለልጄ ይሁን።

መምህሩ ብዕራቸውን አነሡ። ‹‹ተገላበጠብሽ እኮ።››

‹‹አልተገላበጠብኝም። እንዳልሁት ይጻፉ።››

‹‹እታለም›› አለች እህቴ፣ ‹‹እኔ ሽቶ ሲሸተኝ የማስነጥስ ሰው ምን ላድርገው?››

‹‹እኔስ ቁልቋል እንኳ አድርቄአለሁ›› አለች ልጄ።

እህቴ በመስኮቱ ውጭ ውጭውን እያየች ‹‹ለልጅሽ ንገሪያት...›› ብላ ጀመረች።

‹‹አልነግርም። ድምፄን ለሆስፒታል እየቆጠብሁ ነው። ራስሽ ንገሪያት።››

ልብስ ሰፊው ጣሪያ ጣሪያውን አየ። በመጨረሻ እህቴ ዞር ብላ ‹‹አንቺ፣ እናትሽ አብዳለች›› አለቻት።

‹‹አላበደችም። አእምሮዋ ሙሉ ነው ተብሎ ተጽፏል›› አለች ልጄ።

በዓመቱ ውስጥ የመጀመሪያ ንግግራቸው ስለ እኔ ዕብደት መሆኑ ይመዝገብ።

አምስተኛ። ሁለቱም የደረሳቸውን መሸጥ አይችሉም። አንዷ በሌላዋ ድርሻ ላይ ገብታ መሥራት ስትፈልግ ግን በየማለዳው ባለቤቷን በገዛ አፏ ታስፈቅዳለች። መልእክተኛ አይላክም፤ ወረቀትም በበር ሥር አይገፋም።

‹‹ካልሞትሽስ?›› አለ ልብስ ሰፊው።

‹‹ካልሞትሁም ያው ነው። ከነገ ወዲያ ከዚህ በር ስወጣ ይጸናል።››

‹‹ለሞት የተሠራ ኑዛዜ እንደዚህ ይሆናል እንዴ?›› ብሎ መምህሩን አያቸው። መምህሩም ‹‹እኔ የታዘዝሁትን ነው የምጽፈው›› አሉ።

ከዚህ በኋላ ልጄን አዲሱን ሽቶዋን እንድታቀብለኝ ጠየቅኋት። ያ በቃጫ ውኃ የተበላሸባት ነው፤ እንደገና ሠርታዋለች፤ እህቴ ግን አሽትታው አታውቅም። በዚህ ወረቀት በስተቀኝ ጥግ አንድ ጠብታ አሳረፍሁበት። ከዚያም በዚህ ቤት ሳይረጋ የሚገዛ እንደሌለ ሁሉ ሳይረጋ የሚፈርምም የለም፣ ሁላችሁም ወደ ጣራ ውጡ አልኋቸው።

‹‹ይኼ ደንብሽ ስንት ደንበኛ እንዳስመለጠን ታውቂያለሽ?›› አለች ልጄ።

‹‹አውቃለሁ። ውጪ።››

እኔ ደረጃ መውጣት ስለማልችል፣ መምህሩም መጻፍ ስላለባቸው ሁለታችን ቀረን። ከላይ የሰማነውን እንዳለ እንዲጽፉ አዘዝኋቸው።

መጀመሪያ የሰማነው ጉልበቱን እየረገመ የወጣውን የልብስ ሰፊውን ሳል ብቻ ነበር። ቀጥሎ ጸጉር ሠሪዋ ‹‹ከበርሜሉ ኋላ ያሉት እነዚህ ችግኞች ደግሞ ምነው ቢጫ ሆኑ?›› አለች።

‹‹የት?›› አለች እህቴ። ስትሄድ ተሰማን። ‹‹እኔ እዚህ ምንም አልተከልሁም። ጨው የፈጃቸው ናቸው። ቃጫውን ማነው ያጠበው?››

‹‹እኔ›› አለች ልጄ።

‹‹መቼ?››

‹‹ገበያ ስትወርጂ። እነዚያን ስለገደልሁብሽ ልተካልሽ ብዬ ነበር። አልሆነልኝም።››

መምህሩ ብዕራቸውን ይዘው ጠበቁ። እኔም ይህን አላውቅም ነበር፤ በገዛ ቤቴ፣ በገዛ ራሴ አናት ላይ።

‹‹አንድ ውኃ መቼ ይበቃዋል›› አለች እህቴ፣ ድምፅዋ ዝቅ ብሎ። ‹‹የሚወርደው ውኃ እስኪጠራ ነው የሚታጠበው። ነይ ገንዳውን ያዥው። ነይ እንጂ፣ አይነክስሽም።››

ውኃ ፈሰሰ። ልብስ ሰፊው ‹‹ደጄን›› ብሎ ሲስቅ ሰማን። ከሳቁ መሐል ልጄ አንድ ነገር አለች።

‹‹ምን አለች?›› አሉኝ መምህሩ፤ ጆሯቸው ትንሽ ይደክማል። ነገርኋቸው። ለብቻው በአንድ መስመር ላይ እንዲጽፉትም ለመንኋቸው።

እትዬ።

ሲወርዱ እጃቸው እስከ ክርናቸው እርጥብ ነበር። ወረቀቱን ለእህቴ ዘረጋሁላት። አስነጠሰች። አፍንጫዋን ጠርጋ እንደገና ቀረብ አለችና ቆየች።

‹‹ያ ያበላሸሁት ነው?››

‹‹እሱ ነው›› አለች ልጄ።

‹‹ለልጅሽ...›› ብላ ወደ እኔ ዞረች። ከዚያ ተመለሰች። ‹‹ሚጣ፣ ቆንጆ ነው። ከነገ ወዲያ ጠዋት መጥተሽ ክፍሌ ውስጥ መሥራት ትችያለሽ። ካስፈቀድሽኝ።››

‹‹አንቺም ጣራዬን ማጠጣት ትችያለሽ›› አለች ልጄ። ‹‹እሱም ቢሆን ተጠይቄ ነው።››

እኔ የምጨምረው የለም። ይህ ቃሌ ተነብቦልኝ ትክክል መሆኑን አረጋግጬ ፈርሜአለሁ። ልብስ ሰፊውና ጸጉር ሠሪዋ እያዩ እየሰሙ ፈርመዋል። ወራሾቹም በአንድ መስመር ላይ ጎን ለጎን ፈርመዋል፤ እንዲህ ፈርሙ ያላቸው የለም።

የጸሐፊው ማስታወሻ፦ በዚህ ኑዛዜ ውስጥ ስርዝ ድልዝ የለም። በሁለቱ ወራሾች ፊርማ ላይ የሚታየው ቡናማ ነጠብጣብ ሲፈርሙ ከእጃቸው የወረደ የኮኮናት ቃጫ ውኃ ነው። ላደርቀው ብዬ ነበር፤ ተናዛዧ ‹‹ይተዉት፣ ይርጋ›› ብላኛለች።