እማ ጠራችኝ

ሪያድ፣ ነሐሴ 20 ቀን 2007 ዓ.ም.

ይድረስ ለታናሽ ወንድሜ፤

አሰላሙ ዐለይኩም። እንዴት ሰነበትክ? ባለፈው በስልክ ስታወራኝ ስትስል ሰምቼህ ነበር፤ ለቀቀህ ወይ? አጎታችን ከነቤተሰቡ ደህና ነው? ጎረቤታችን አዛለችስ ወገቧን ተሻላት? ላሟ ወለደች? ሁሉንም እንደየስማቸው ሰላም በልልኝ። እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ። እጄም እግሬም ይሠራል፣ ሲጠሩኝ እነሳለሁ፤ እዚህ አገር ጤና ማለት ይኸው ነው። እማን በስሟ እንዳልጠየቅሁህ ልብ ብለህ ይሆናል። ረስቼ አይደለም፤ ምክንያቱን ወደ ታች ስትወርድ ታገኘዋለህ።

ሃርድ ዲስክህ ደርሶኛል። ነጂባ አገር ቤት ከሄደችበት ፈቃዷ በተመለሰች በሦስተኛው ቀን ቆሻሻ ልታወጣ ብላ ወጥታ በበሩ በኩል አቀበለችኝ። የአሠሪዎቻችን ቤት ጎን ለጎን መሆኑ እንዲህ ላለው ነገር ይጠቅማል። ዲስኩን በካልሲ ጠቅልለህ፣ ካልሲውን በፌስታል፣ ፌስታሉን ደግሞ በፕላስተር አሽገኸዋል። ለሰው ልጅ እንዲህ ስትጠነቀቅ አይቼህ አላውቅም። ውስጡ ያለችውንም ወረቀት አነበብኳት። «አደራሽን» የሚለውን አምስት ቦታ ጽፈሃል። ላፕቶፑ አልነሳም ማለቱን፣ ደሴ ያለው ጠጋኝ ካልተፎረመተ አይሠራም ማለቱን፣ ከተፎረመተ ሁሉም እንደሚጠፋ፣ ሪያድ ግን አዋቂ ስለማይጠፋ ጌሞቹን ከነሴቫቸው፣ ጨዋታው ከደረሰበት ጋር፣ በአዲስ ዲስክ አስገልብጬ እንድልክልህ። ጌሙ ቢጠፋ ከሰው ይገለበጣል፣ ሴቩ ግን የሁለት ዓመት ልፋቴ ነው ትላለህ። ልፋት! ይህን ሳነብ የሃያ ሰው ሳህን ፊቴ ተከምሮ ነበር። ላፕቶፑንስ ቢሆን ለማዳም ልጅ ለአሚር አዲስ ሲገዛለት አሮጌውን ለምኜ፣ ወንድሜ ይማርበታል ብዬ የላክሁት አይደለም? አንተ የኳስ አሰልጣኝ ሆነህበት አረፍክ።

ቢሆንም አልጨከንኩብህም። የማዳም ሴት ልጅ አስማ ዑለያ ወዳለው የኮምፒውተር ገበያ ላፕቶፗን ልታሠራ ስትሄድ ዕቃዋን የምሸከመው እኔ ነኝ። እዚያ አንድ ሱቅ ውስጥ አምሳሉ የሚባል የጎጃም ልጅ ይሠራል፤ ሱቁ የሌላ ነው፣ ሥራው ግን በሙሉ የሱ ነው። ዲስኩን ደብቄ ሰጠሁት። በሳምንቱ የአስማን ላፕቶፕ ልንወስድ ስንመለስ የኔንም ጨርሶ ጠበቀኝ። አስማ ጎን ካለው ሽቶ ቤት ገባች፣ እኔ የገዛችውን ሁሉ በሁለት እጄ አንጠልጥዬ ባንኮኒው ጋ ቆምኩ።

አምሳሉ ሥራውን የሚወድ ሰው ነው፣ ካላስረዳ አይለቅም። ብዙ ሰው ጌሙን ብቻ ይገለብጥና ሴቩን ይረሳዋል፣ ሴቩ ለብቻው ሌላ ቦታ ተሸሽጎ ነው የሚቀመጠው፣ በኋላ ጌሙን ሲከፍቱት ባዶ ሆኖ ይጠብቃቸውና ያለቅሳሉ አለኝ። የወንድምሽ ግን ሁለቱም ተርፏል አለ። በዓይንሽ እዪ ብሎም ጌሙን በራሱ ኮምፒውተር ላይ ጫነው፣ ሴቮቹንም መለሰበትና ዝርዝሩን ከፈተልኝ።

እኔ ምን አውቄ! ለካ ሴቭ ስም ይወጣለታል። ለካ አንተ ስም ስታወጣ ጨዋታውን ለምን እንዳቋረጥክ ነው የምትጽፈው፤ በእንግሊዝ ፊደል፣ በአማርኛ። ጎኑ ላይ ቀኑና ሰዓቱ አለ። አምሳሉ እያነበበ ይስቃል። «መብራት ሊጠፋ ነው።» «እራት ቀረበ።» «አጎቴ መጣ ልደብቀው።» «ሱብሒ አመለጠኝ።» ይህን ሲያነብ እኔም ሳቅሁ፣ እንዲህ ከልቤ ከሳቅሁ ዓመት ሳይሞላኝ አይቀርም። ከሁሉ ግን የሚበዛው «እማ ጠራችኝ» የሚለው ነበር። እማ ጠራችኝ፣ እማ ጠራችኝ፣ በቀን ሁለቴ፣ በቀን አራቴ። እናታችሁ ልጃቸውን ከዚህ ነገር ለማላቀቅ አልሰለቻቸውም አለ አምሳሉ። አዎ እሷ አትሰለችም አልኩት። ቤታችን ፊቴ ድቅን አለ፣ አንተ ጓዳ ተጎልተህ፣ እሷ ከአልጋዋ ስትጣራ።

ከዚያ ጥር ዘጠኝ ላይ ደረሰ። ቅዳሜ ነው። «እማ ጠራችኝ 1»፣ «እማ ጠራችኝ 2» እያለ እስከ ሰባት ይሄዳል፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት እስከ ቀኑ ስምንት ከሩብ። ከሱ ቀጥሎ የጻፍከው የአሥር ሰዓት ተኩሉ ነው። አምሳሉ «አዛለች ጮኸች» ብሎ አነበበና ሳቁ ቆመ። አዛለች ማናት አለኝ። ጎረቤት ናት አልኩት። የሚቀጥለውን ጮክ ብሎ አላነበበውም። ፊደሉን ግን አንተው ራስህ አስቆጥረኸኝ የለ፤ ራሴ አነበብኩት። የጥር አሥራ ሁለት ነው። «ለቅሶኛ ወጣ» ይላል።

እማ ጠራችኝ የሚል ከዚህ ወዲህ ካለ ፈልግልኝ አልኩት። እስከ ታች ወረደ፣ እስከ ሐምሌ። መብራት አለ፣ እራት አለ፣ አጎቴ አለ። እማ ግን አንድ ጊዜም አልጠራችህም።

አምሳሉ ወንበሩን ለቀቀልኝና «እህቴ፣ እዚህ አገር ዘመድ የሚሆን ሰው አለሽ?» አለኝ። ወንበሩ ላይ አልተቀመጥኩም። አስማ ያላ፣ ቶሎ በይ እያለች በመስታወቱ ትጠቁመኛለች፣ ሹፌሩ መኪናውን አስነስቷል። ፌስታሎቹን ይዤ ወጣሁ። ቤት ስንደርስ ለማዳም ነገርኳት፤ አላህ የርሐምሃ፣ አላህ ይዘንላት አለችኝ፣ ነገ ትንሽ ታርፊያለሽ አለችኝ፣ ከዚያም እንግዶቹ መቼ እንደሚደርሱ ነገረችኝ። ክፉ ሴት አይደለችም። እኔ ግን እናቴን ያለቀስኩት ሩዝ እያጠብኩ ነው፤ ውሃው እንዲጮህልኝ ቧንቧውን እስከ መጨረሻው ከፍቼ።

አሁን ያንተ ተራ ነው። ሰባት ወር! ጆሮዋ ደክሟል፣ ስልክ አይሰማትም አልከኝ፤ አመንኩህ። ስጮህላት ትደነግጣለች አልክ፤ እሺ አታስደንግጧት አልኩ። ለዒድ ቀሚስና ጫማ ገዝቼ በነጂባ እጅ ላክሁ፤ ጫማው ልኳ ነው፣ አድርጋው ወጣች፣ ልጄ አንጀቴን እንዳራስሽው አንጀትሽ ይራስ ብላ መርቃሻለች አልከኝ። ያን ምርቃት ማን አስተማረህ? ራስህ ፈጠርከው? አሜን ብያለሁ እኮ! ድስት እሳት ላይ ጥጄ፣ ሁለት እጄን ዘርግቼ፣ በሞተ ሰው ምርቃት አሜን ብያለሁ። ጫማውንስ ለማን አደረግኸው?

ሰው አገር ላለ ሰው መርዶ በስልክ አይነገርም፤ ይህን አልተማርኩም አልልህም። አጎታችን «ስትመጣ በማለዳ አዛለች ቤት አስቀምጠን፣ ሴቶች ዙሪያዋን ይዘዋት እንነግራታለን» እንዳለ እገምታለሁ። ደግ አስቧል። የሚይዘኝ ሰው በሌለበት እንዳልወድቅ ነው። እኔም ራሴ የነጂባ አባት የሞቱ ጊዜ ሁለት ወር ሙሉ ዓይኗን እያየሁ ዋሽቻታለሁ፤ አሁን እሷ ብትዋሸኝ ብድር መለሰች እንጂ ምን አደረገች። መንደሩ በሙሉ አፉን ሲይዝ፣ ሕፃን እንኳ ሲመከር፣ ማንም ያላሰበው ያንተን ሴቭ ነው። ያንንም እዚህ ድረስ የላክልኝ አንተው ነህ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ሲባል እሰማ ነበር፤ ኮምፒውተርም ከነሱ ወገን ነው ለካ።

ቢሆንም በመዋሸትህ ብቻ ይህን ያህል አልጽፍልህም ነበር። ነገሩ እዚህ ላይ አያበቃም።

እንዳወቅሁ የነገርኳት ነጂባ በግንቡ ላይ ሁሉንም አወራችኝ። ለቀብር የመጣው ሰው ሁሉ ስላንተ ይናገር ነበር አለች። እራሷን ጭኑ ላይ አድርጎ፣ ሸሃዳ እያስባላት፣ ውሃ በማንኪያ እያደረገላት በእቅፉ ሞተች፤ ልጅ ማለት እንዲህ ነው ተባለልህ አለች። አጎታችን አልቅሶ መረቀህ አለች። ደስ ብሎኝ ነበር፣ ወላሂ። እኔ ባልኖር እሱ ነበረላት ብዬ አንድ ቀን ሙሉ ተጽናናሁ።

ግን ያን ቀን ትቼው የወጣሁትን ዲስክ ልቀበል ስመለስ አምሳሉን አንድ ነገር ጠየቅሁት። በዚያ ቅዳሜ በሰባተኛው «እማ ጠራችኝ» እና በ«አዛለች ጮኸች» መካከል አንተ ያልጻፍካቸው አራት ሴቮች አሉ፤ ስም የላቸውም። ስምንት ከሃምሳ፣ ዘጠኝ ከሃያ፣ አሥር ሊሆን አሥር ጉዳይ፣ አሥር ከሃያ። እነዚህ ምንድን ናቸው አልኩት። ጌሙ በራሱ የሚያስቀምጣቸው ናቸው አለኝ፣ ሰው እየተጫወተ ግማሽ ሰዓት በሄደ ቁጥር። ሰው ትቶት ቢነሳስ አልኩ።  ከተነሳ ጨዋታው ስለሚቆም አያስቀምጥም አለኝ።

ሁለት ሰዓት ከሩብ ነው ወንድሜ። ቡድንህ በዚያ ሁለት ሰዓት ሰባት ጨዋታ ተጫውቷል፣ አምስቱን አሸንፈሃል፤ አምሳሉን መጀመሪያ እንዳያሳየኝ ብለምነውም ኋላ እኔው ራሴ ክፈተው ብዬ አየሁት። አዛለች ስትጮህ እንኳ ሴቭ አድርገህ ነው የተነሳኸው። ስሟን ለመጻፍ ስንት ደቂቃ ፈጀብህ?

ልራገምህ ተነስቼ ነበር፣ አልሆነልኝም። ሰባቱ ይይዘኛል። ሰባት ጊዜ ጠርታህ ሰባት ጊዜ ተነስተሃል፤ ማን ይነሳል እንዲህ? እኔስ የት ነበርኩ? ከዚያ ቅዳሜ በፊት ባለው ጁመዓ ልደውል ካርድ ሞልቼ፣ ደክሞኝ ጋደም ብዬ፣ ነገ ነገ ስል ቀረሁ። ያን ጊዜ ጆሮዋ ደህና ነበር። ይህን ለማንም ተናግሬው አላውቅም፤ ለአንተ ነገርኩህ፣ ለብቻህ እንዳይመስልህ።

ለአገሩ ሰው የነገርከውን አላፈርስብህም። አጎታችን ከኔ አይሰማም፣ አዛለችም ያየችውን እስከ ዛሬ ከያዘች ትያዘው። ዲስኩን ይህን ደብዳቤ በያዘችልህ በታንጉት እጅ ልኬልሃለሁ፤ ኹሩጇ፣ የመውጫ ቪዛዋ፣ ወጥቶ ለአንዴም ለሁሌም መግባቷ ነው፣ አብልተህ አጠጥተህ ሸኛት። ጌሞችህ በሙሉ አሉ፣ ሴቮችህም አሉ፤ አምሳሉ እንዴት እንደሚመለሱ በቁጥር በቁጥር ጽፎልሃል፣ አንድም አልጎደለም። ለኔ የጥር ዘጠኙን ኮፒ አስቀርቻለሁ። ማስፈራሪያ እንዳይመስልህ። ከመጨረሻ ቀኗ እጄ ላይ ያለው ያ ብቻ ነው፤ ሰባት ጊዜ መጣራቷ።

አላህ ቀብሯን ኑር ያድርግላት፣ ጥፋቷን ይማርላት፣ አንተንም ልቦና ይስጥህ፣ ከክፉ ይጠብቅህ። ጁመዓ ከዙህር በኋላ ስልኬ ክፍት ነው፣ ደውልልኝ። ሰላምታ አታብዛ፣ ይቅር በይኝም አትበል፣ አታልቅስብኝም። በዚያ ሁለት ሰዓት ውስጥ ስምንተኛ ጊዜ ጠርታህ እንደሆነ፣ እሱን ብቻ ንገረኝ።

እህትህ ነኝ።