የክራኩዳሉር ባለጋሻ

ሴፕቴምበር 3
ዝናብ። ሬይክያቪክ ውስጥ ጃንጥላ ዋጋ የለውም፤ ነፋሱ ይገለብጠዋል። የጽሕፈት መኪናዬ አንዷ ፊደል ዛሬም ተጣበቀች።

ኬቲል መጥቶ ጠረጴዛዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠ። አዘጋጃችን ጠረጴዛዬ ላይ ከተቀመጠ ሥራ ሊጭንብኝ ነው። ለኦክቶበሩ የሴቶች እትም አንድ ገጽ፣ ስለ አንድ ቃል ብቻ። ስክያልድማይር። ባለጋሻ ልጃገረድ... በድሮው ትረካ ጋሻና ጦር ይዛ ከወንድ እኩል የምትሰለፈዋ።

«ምሁር እንዳትሆኚብኝ፤ ሰው እንደምታሚው አድርገሽ ጻፊው» አለኝ። ደሞ ማንን አምቼ አውቃለሁ?

ቀላል ሥራ ነው። ቃሉ የማይገባበት የለም። የእጅ ኳስ ቡድን ስም ነው፣ የሻምፖ ማስታወቂያ ነው። ፎቅ ላይ ያለው ጎረቤቴ ሚስቱ በተቆጣችው ቁጥር ባለጋሻዬ ይላታል። ግማሹ ሰው ከጦር ሜዳ ሙታንን ከሚመርጡት የሰማይ ሴቶች ጋር ያምታታታል። ሊቃውንቱም እኩሌቶቹ በእርግጥ ነበረች፣ እኩሌቶቹ የባለቅኔ ሕልም ናት ይላሉ። በሁለት ቀን እጨርሰዋለሁ።

ሴፕቴምበር 6
የቃላት መዝገብ ቤት ሄድኩ። እስከ ጣሪያ መሳቢያ ብቻ። በየመሳቢያው ካርድ፣ በየካርዱ አንድ ቃል፣ ፍቺው፣ የተሰማበት አገር፣ ዓመቱ፣ የተናጋሪው ስም። ሃልቫርዱር የሚባለው ሠራተኛ ካርዶቹን እንደ ጫጩት ነው የሚይዛቸው። ስም የሌለው ካርድ እኛ ጋ አይገባም፣ ደንብ ነው እያለ ሲኮራ ቆየ።

የዚህ ቃል ካርዶች ሁሉም ከመጽሐፍ የተቀዱ ናቸው። አንዷ ብቻ ከሰው አፍ። አወጣት። «ስለ ሴት። ድምፅ ዝቅ ተደርጎ ይነገራል።» ከሃያ አራት ዓመት በፊት የተመዘገበች። አገር፦ ክራኩዳሉር።

የኔ ሸለቆ! የተወለድኩበት!

የተናጋሪው ስም ቦታ ባዶ ነው። ደንቡስ አልኩት። ጆሮው ቀላ። ተናጋሪዋ ስሜ እንዳይጻፍ ብላ ለምና ነበር አለ።

ስምንት ዓመት ሙሉ እዚያ ኖሬ ይሄን ቃል አንድም ቀን አልሰማሁም። ጨዋታ ከሆነ ለምን ድምፅ ዝቅ ይደረጋል?

ሴፕቴምበር 8
እማዬ ጋ ምሳ። ቅቅል ዓሣና ድንች፣ እንደ ሁልጊዜው። እግረ መንገዴን አስመስዬ ጠየቅኋት። ሹካዋ አየር ላይ ቀረ።

«የመጽሐፍ ቃል ነው» አለች። ከዚያ ተነስታ ሬዲዮኑን ከፍ አደረገችው። የዓሣ አጥማጆች የአየር ትንበያ። የኛ ቤት ዓሣ አጥማጅ የት አለና?

ኮቴን ስደርብ፣ ገጹ መቼ ነው የሚወጣው አለችኝ። የመጽሐፍ ቃል ነው ብላ ያለፈችው ሴት መቼ እንደሚወጣ ምን አስጨነቃት?

ሴፕቴምበር 9
ያልጠረጠረ ተመነጠረ።

ሴፕቴምበር 14
ክራኩዳሉር። የበጎች መለያ ቀን። ሌሊቱን አውቶቡስ ውስጥ ስናጥ አድሬ ደረስኩ። በጋውን ተራራ ላይ የከረመው በግ ሁሉ ወርዷል፤ ክቡ የድንጋይ ጉረኖ ሞልቶ ይጮኻል። ሰው በግ በእግሩ መሐል እያጣበቀ፣ ጆሮ እያየ፣ የራሱን ወደ ራሱ ክፍል ይጎትታል። በጆሮ ላይ ቀደዳ፣ ጭረት፣ ቁርጥ... እያንዳንዱ ቤት የራሱ ምልክት አለው፤ ከአያት የወረደ።

አንዲት ወጣት አንድ ግልገል ጆሮውን ሳታይ እየጎተተች ነበር። አንዱ ከአጥሩ ላይ ሆኖ፣ «ጆሮውን እዪው እንጂ! ባለጋሻ ሆንሽ እንዴ?» አላት። ሳቅ።

ከዚያ አንዱ አየኝ። ሳቁ እንደ ክር ተበጠሰ።

ሽማግሌው ቶርግሪሙር አጠገቤ ቆሞ ሱረቱን በእጁ ጀርባ ላይ ይነሰንስ ነበር። የአባቴ የሩቅ ዘመድ፣ የድሮ ጎረቤታችን። እዚህ አገር ቃሉ ምን ማለት ነው አልኩት። የድሮ ቀልድ ነው አለ። የማን ቀልድ? የሞቱ ሰዎች ቀልድ። መሬት መሬቱን እያየ ሄደ።

እኔም እኮ የምጠረጥረውን አውቃለሁ። ጆሮው ላልታየ በግ ነው የተባለው። የሰው በግ ለምትወስድ ሴት። እዚህ አገር ሰው የገደለ ጊዜ ይረሳለታል። በግ የሰረቀ... ልጅ ልጁ ድረስ ይጠራበታል።

ማታ አክስቴ ዲርሌቭ የበግ ጭንቅላት ቀቅላ አቀረበች። ጆሮውን እንደ ሁሉም ሰው ቆርጬ ሳህኔ ጠርዝ ላይ አደረግሁ። ባለምልክት ጆሮ የበላ በግ በመስረቅ ይታማል። ማንም አያምንበትም፤ ማንም ግን አይበላውም። እማዬማ ጭንቅላቱንም ቤቷ አስገብታ አታውቅም፤ ሆዴ አይስማማውም ትላለች። እስከ ዛሬ ሆዷ መስሎኝ...

አክስቴ የሳህኗን ጆሮ ቆርጣ ቀና ስትል ዓይን ለዓይን ተጋጨን። ቶሎ ዓይኗን ሰበረች።

ሴፕቴምበር 15
ዕቃ እናጥባለን። እሷ ታጥባለች፣ እኔ አደርቃለሁ። ካርዷ ላይ ያለውን ቃል የሰጠሽው አንቺ ነሽ ወይ አልኳት። ሳህኑ ከእጇ አመለጠ፤ አልተሰበረም።

እሷ ናት። የዚያን ጊዜ ሃያ ዓመቷ ነበር፤ ከተማ ሄዳ ቃል ለሚሰበስበው ሰው የሚሰጥ ቃል አለኝ ብላ ኮርታ ተናገረች። ደጅ ስትወጣ አፈረች። ተመልሳ ስሜን አውጡልኝ አለች፤ ቃሉን አውጡ ማለት ግን አልመጣላትም።

ከዚያ ጀርባዋን ሰጥታኝ ሁሉንም ነገረችኝ። ከሃያ ሰባት ዓመት በፊት፣ አባዬ በሞተ በሰባት ወሩ። በመለያው ቀን ጉረኖው ላይ በእማዬ ክፍል ውስጥ አራት የቶርግሪሙር ግልገሎች አሉ ተባለ። ሰዎቹ ጆሮ እንይ አሉ። የድሮ ቀደዳ ድኖ ፀጉር ያበቅላል፤ የቅርብ ቀደዳ ቀይ ነው፤ ታይቶ ይለያል። እማዬ የእርጎ በርሜል ክዳን በግራ እጇ ይዛ መግቢያው ላይ ቆመች። ማንም አይገባም አለች። የሰባት ወር መበለት ላይ እጁን የሚያነሳ አልተገኘም። በማግስቱ ግልገሎቹ ቶርግሪሙር አጥር ውስጥ ተገኙ።

ክረምት ገባና የቶሪ ግብዣ ደረሰ። በዓመት አንዴ፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው፣ ያመቱ ጉድ በግጥም የሚነበብበት። ስድቡን ስቆ መቀበል ደንብ ነው። የዚያ ዓመት ግጥም «የክራኩዳሉር ባለጋሻ» ይባል ነበር። እማዬ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጣ ነበር።

«ሳቀች?» አልኳት።

«አጨበጨበች» አለች አክስቴ። «ሌላው ሁሉ ሳቀ።»

በበጋው ሸለቆውን ለቀን ወጣን። ለኔ የተነገረኝ ለትምህርት ቤት ነው ተብሎ ነው።

ሴፕቴምበር 17
ቤት ገብቻለሁ። እማዬን ማሰብ እንጂ ማየት አልቻልኩም። በሯን ሁለት ጊዜ ትቆልፋለች... ለምን? የክራኩዳሉር ሰው መንገድ ላይ ስታይ ትሻገራለች... ለምን? ንጹሕ ሰው ጆሮ ያሳያል። ምን ነበረበት ማሳየት? እናቴን እንዲህ እየመረመርኩ ሻይ እጠጣለሁ። ደግ ልጅ!

ኬቲል ገጹ የታል አለ። አልጽፈውም አልኩት። ያቺን አፍንጫውን ነፋ። ካልጻፍሽው ለሌላ እሰጠዋለሁ አለ። ሌላው ደግሞ መዝገብ ቤት ይሄዳል፣ ካርዷን ያገኛል፣ ሸለቆው ድረስ ይወርዳል... የእማዬ ስም መጽሔት ላይ ይወጣል። እስከ ሰኞ ስጠኝ አልኩት።

ሴፕቴምበር 20
መዝገብ ቤት እንደገና። ሃልቫርዱር የድሮውን የጆሮ ምልክት መጽሐፍ አወጣልኝ፤ አገሩ ሁሉ በየወረዳው የታተመ፣ ትንሽ፣ ኪስ የሚገባ።

ቶርግሪሙር፦ ቀኝ ጆሮ ጫፉ የተቆረጠ። ግራው ያልተነካ።
አባዬ፦ ቀኝ ጆሮ ጫፉ የተቆረጠ። ግራው ከኋላ በኩል አንድ ቀደዳ።

ያለቀ ነገር ነው። ሁለቱ ቤቶች ድሮ አንድ ነበሩ፣ ምልክታቸውም ወንድማማች ነው። በቶርግሪሙር ግልገል ግራ ጆሮ ላይ አንድ ቀደዳ ጨምር፣ የኛ ይሆናል። አንዲት ቢላዋ፣ አንዲት ደቂቃ። እማዬ...

ሃልቫርዱር ደህና ነሽ ወይ አለኝ። እጄን እያየ ነበር። እኔም አየሁት። አውራ ጣቴና ሌባ ጣቴ አየር ላይ አንድ ነገር ቆንጥጠው፣ ቀኝ እጄ ከኋላ ወደ ፊት ይቀድዳል። ይሄን እጄ ከየት ያውቀዋል?

ምሽት፣ በዚያው ቀን
ድንች ልጣጭ ላይ። አባዬ ያስተማረኝ ድንች ልጣጭ ላይ ነው። ቢጫ እጀታ ያላት ሰንጢ። «የኛ ሁሌም ግራው ላይ ቀደዳ አለው፤ ከሌለው ተረስቷል ማለት ነው።»

የቤታችን ማሳ። ኦገስት። አባዬ የለም። እማዬ ሳር ታጭዳለች፣ ታለቅሳለች፣ ታጭዳለች። ግልገሎች ገብተዋል። ቀኛቸው ጫፉ ተቆርጧል። ግራቸው ሙሉ። አባዬ ስለሌለ ሳይጨረስ የቀረ ሥራ መሰለኝ...

አራት ነበሩ። እኔ ነኝ።

ሴፕቴምበር 21
እሑድ ጠዋት። በሩን ሁለቴ ከፈተችው። ቁጭ ሳልል ነገርኳት። ሬዲዮኑን አልነካችውም።

መለያው ቀን ኩፍኝ ይዞኝ ተኝቼ ነበር። እሷ ጉረኖው ውስጥ አንዱን ግልገል ገልብጣ ጆሮውን ስታይ ነው ያወቀችው። ሰዎቹ ከኋላዋ እየመጡ ነበር።

«ልጅ ነች፣ ሳታውቅ ነው ብትያቸውስ?» አልኳት።

«እናትየው አስተምራት ነው ይሉ ነበር። ከዚያ ሁለታችንም ሌባ ነን። እኔ አርጅቼ እሞታለሁ፤ አንቺ እዚያ ልታድጊ፣ ልታገቢ ነበር።» ከዚያ፣ «ደሞ ጋሻ አልነበረም» አለች። «የበርሜል ክዳን ነው። ቀኑን ሙሉ እርጎ እርጎ ስሸት ዋልኩ።»

ሳቅን። ከዚያ እኔ መሳቁን መጨረስ አቃተኝ።

ለምን እስከ ዛሬ አልነገርሽኝም? ሳህን ማንሳት ጀመረች። ብነግርሽ ለሁሉም ትናገሪዋለሽ፣ ወሬኛ ነሽ፣ ሥራሽም እሱ ነው አለች። እውነቷን ነው።

ልናገረው ነው አልኳት። ወደ መስኮቱ ዞረች። አትናገሪ አላለችም።

ሴፕቴምበር 22
ገጹን ለኬቲል ሰጠሁት። ቆሞ ጀምሮ ተቀምጦ ጨረሰው፤ ጠረጴዛዬ ላይ ሳይሆን ወንበር ላይ። አንድ ቃል አልቆረጠም። የእማዬ ስም የለበትም፤ የኔ ግን አለ፣ ሸለቆውም አለ፣ አራቱም ግልገሎች አሉ።

ከዚያ መዝገብ ቤት። ሃልቫርዱር አዲስ ካርድ ሰጠኝ፣ በራሴ እጅ ሞላሁት። ፍቺ፦ «ሌላ ሰው እንዳይነካ መግቢያ ላይ የምትቆም ሴት። ጮክ ተብሎ ይነገራል።» የተናጋሪ ስም፦ ሄርቦርግ፣ ጆሮዎቹን የቀደደችው። ደንብ ነው፣ ስም የሌለው አይገባም።

ኦክቶበር 30
ከቶርግሪሙር ደብዳቤ። መጽሔቱን ልኬለት ነበር። አራት መስመር ብቻ።

«ግልገሎቹ የተመለሱ ቀን ጆሯቸውን አየሁ። ቀደዳው ጠማማ ነበር። የልጅ እጅ እንደሆነ ያን ጊዜውኑ አውቄያለሁ። ግጥሙ ሲነበብ ግን ሳቅሁ።»

ለእማዬ አነበብኩላት። ደግመሽ አንብቢው አለች። ደገምኩት። ወስዳ መሳቢያዋ ውስጥ ከተተችው።

እንግዲህ አንድ ሰው ያውቅ ነበር። ሃያ ሰባት ዓመት። ማንን እንደምጠረጥር አላወቅሁም ነበር እኮ።

ጃንዋሪ 25
የክራኩዳሉር ሰዎች የቶሪ ግብዣ፣ ሬይክያቪክ ውስጥ፣ በየዓመቱ የሚከራዩት ያው አዳራሽ። እማዬ መጣች። አልለመንኳትም። ሰማያዊ ቀሚሷን ለብሳ በር ላይ ስትደርስ ወሬው ሁሉ ቀጥ አለ፤ አክስቴ ዲርሌቭ ሄዳ እጇን ያዘች። ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀመጠች። እኔ አጠገቧ። ፊት ለፊት ቶርግሪሙር፣ ከሸለቆው ድረስ በአውቶቡስ መጥቶ፣ ከረባት አስሮ።

የበግ ጭንቅላት መጣ። ሁሉም ቢላዋውን አነሳ፤ ጆሮ ቆርጦ ሳህኑ ጠርዝ ላይ ማድረግ ጀመረ። እማዬም ቆረጠች። ጆሮውን አገላብጣ ምልክቱን አየች፣ መነጽሯን ዝቅ አድርጋ፣ ጉረኖ ውስጥ እንዳለች ሁሉ።

ከዚያ በላችው።

ቀስ ብላ። ቶርግሪሙርን እያየች። ጠረጴዛው ዙሪያ ሹካ የሚያነሳ ጠፋ። ሽማግሌው የራሱን ጆሮ ከሳህኑ ጠርዝ አነሳ፣ ጥቂት ያዘው፣ አፉ ውስጥ ከተተው። ዓይኑ ሞልቷል፤ ጥርስ የለውም፣ ብዙ ቆየበት። ከዚያ አክስቴ። ከዚያ እኔ።

እማዬ አፏን ጠረገች።

«ጨው ያንሰዋል» አለች።